ጸሐይ የምትሄድበት ቀን

ልጅ ሆኜ በየእሑዱ ልደቴ ይከበር ነበር።

ከሰዓት በኋላ እናቴ ዳቦ ጠረጴዛው መሀል ታስቀምጥና አንዲት ሻማ ትተክልበታለች። እንግዶች አንድ አንድ፣ ሁለት ሁለት እየሆኑ ይገባሉ። መጋረጃው ይወርዳል። እኔን ከጠረጴዛው ራስ አስቀምጠው ዓይናቸውን ጨፍነው በሹክሹክታ ሲያወሩ ይቆያሉ። መዝሙሩም በሹክሹክታ ነው። ለኔ ዕድሜ እየለመኑልኝ ይመስለኝ ነበር። በር ከተንኳኳ ግን ሁሉም ባንድ ጊዜ ድምፃቸውን ከፍ አድርገው «መልካም ልደት» ይላሉ፣ ሻማው ይለኮሳል፣ እኔም እፍ እላለሁ። የጎረቤታችን ልጅ ሙሐዲን እነሱ ቤት ልደት የሚባል ነገር ጭራሽ እንደሌለ ሲነግረኝ ከልቤ አዘንኩለት።

ጸሎት ቤታችን መታሸጉን፣ አባቴና ጓደኞቹ በየቤቱ ተደብቀው እንደሚጸልዩ፣ እኔም የማኅበሩ ሽፋን እንደነበርኩ ያወቅሁት ካደግሁ በኋላ ነው። ያን ጊዜ የማውቀው በጣም የምወደድ ልጅ መሆኔን ብቻ ነበር።

ቤታችን ከአዲሱ ገበያ ወደ ሸጎሌ በሚወስደው መንገድ ዳር ነበረ። አባቴ ካሣዬ የከተማ አውቶቡስ ትኬት ቆራጭ ነው፤ ቁጥብ፣ ቀስ ብሎ የሚናገር፣ በሰው ስም የማይምል ሰው። ሰፈሩ ውስጥ ሁለት ሰዎች ሲጣሉ «እስቲ ካሣዬ ይጠየቅ» ይባል ነበር። እናቴ መሰለች ከሱ ሁለት እጥፍ ትናገራለች። ከኛ ጋር የምትኖረው የአባቴ ታናሽ እኅት ደግሞ ሚሚ ናት። ሚሚ ሹራብ ፋብሪካ ትሠራለች። ማታ ስትመለስ ፀጉሯ ላይ የሱፍ ብናኝ አለ፤ ጠረኗ የክርና የማሽን ዘይት ነው። ፀጉሬን ስትሠራኝ ታንጎራጉራለች፤ ዜማው ሲጥማት እጇ ይረሳና ሹሩባው በመሀል ይቀራል። ግማሽ ጭንቅላቴ ተሠርቶ ግማሹ ሳይሠራ ትምህርት ቤት የሄድኩባቸው ቀናት ነበሩ።

ዓመቱ ሰባ አራት ይመስለኛል። ወሩ የካቲት እንደነበረ ግን ርግጠኛ ነኝ፤ አቧራው ከጉልበት በላይ ነበር። አንድ ቀን ሬዲዮው አምስት ከዋክብት ከጸሐይ በላይ በአንድ መስመር ሊሰለፉ ነው አለ።

እኔ ነገሩ ወዲያው ገባኝ። በዚያ ዘመን የማይሰለፍ አልነበረም። ለስኳር ሰልፍ፣ ለዳቦ ሰልፍ፣ ለላምባ ሰልፍ፣ በበዓሉ ደግሞ የአደባባይ ሰልፍ። ስለዚህ ከዋክብትም ቀበሌ አላቸው፣ ታዘዋል፣ ይሰለፋሉ። የገረመኝ እስከዛሬ ዝም መባላቸው ነው።

በቀበሌው አዳራሽ ስብሰባ ተጠራ። የሳይንስ አስተማሪው ጋሽ አድነው አምስት ድንችና አንድ ብርቱካን በክር ሰክተው መጡ። ብርቱካኑ ጸሐይ ነው፤ ድንቾቹ ከዋክብቱ። ይህ ሰልፍ የሚታየው በብዙ መቶ ዓመታት አንዴ ነው አሉ። የመጨረሻው ኮከብ ብርሃን በሌሎቹ ጎን እያለፈ ሲመጣ ትንሽ ይጎብጣል፤ መጉበጡ ሲለካ የከዋክብቱ ክብደት ይታወቃል። ይህ የሚቻለው ደግሞ ለምድር ወገብ ከቀረበ ደጋ ላይ ብቻ ነው። ስለዚህ የሶቪየት ሳይንቲስቶች ወደኛ ሰፈር ይመጣሉ።

«ይመዝኗቸዋል?» አለ ሙሐዲን በጆሮዬ።

«አዎ» አልኩት። ዓይኔ ላይ የመጣው የቀበሌው ሱቅ ሚዛን ነበር።

ከጀርባችን የተቀመጡት እማማ ደሳለች ግን ድንቹን አይተው ከንፈራቸውን መጠጡ። የእማማ ደሳለች ቤት ከኛ ቤት ጋር አጥር ይጋራል። የሳቸው አያት ስለዚህ ነገር ነግረዋቸዋል። ስሙ መሰላል ነው። መሰላሉ ሲቆም ሰማይ ይቀርባል፤ የተጠየቀው ሁሉ ይሰማል። ያን ቀን ደጅ የተቀመጠ ውሃ ለዓይን ሕመም ይሆናል፣ ያኮረፈ ባል ይመለሳል፣ መካን ትወልዳለች። «ድንች ነው የሚሉት እንግዲህ» አሉ እማማ። «እሳቸው ድንች ይዘው ይቅሩ።»

ከዚያ በኋላ ባለው ቅዳሜ ከሰዓት አልጋ ሥር ገብቼ ቆርኪ ስፈልግ አባቴና እናቴ ገቡ። በሩን ዘጉት። እናቴ በሩን ቀን ላይ ስትዘጋ አይቻት ስለማላውቅ ዝም አልኩ። የሚታየኝ የእናቴ ነጠላ ጫማና የአባቴ የተጣፈ ካልሲ ነበር።

«ያን ቀን ይሻላል» አለ አባቴ። «ሰዉ ሁሉ ሜዳ ላይ ያንጋጥጣል። የኬላው ጥበቃዎችም ቢሆኑ የሚያዩት ሰማይ ነው። ጸሐይ ያን ጊዜ ትሄዳለች።»

«ትመለሳለች?»

«እንጃ። እሱ ያውቃል።»

እናቴ አልጋው ላይ ቁጭ አለች፤ ሽቦው ጀርባዬን ነካኝ። «ያለ እሷ እንዴት እንሆናለን? ቤቱ ይጨልማል።»

«ምን ይደረግ መሰሉ። እዚህ ከቆየች ይወስዷታል።»

«በምን ልትሄድ ነው?»

«በቶለሳ መኪና ነዋ። ሌላ ማን አለን።» ቀጥሎ ድምፁን ዝቅ አደረገ። «ለልጅቷ እንዳትናገሪ። አፏ አያርፍም።»

ሲወጡ አልጋው ሥር ቆርኪዬን ጨብጬ ቀረሁ። ጸሐይ ልትሄድ ነው። ይዟት የሚሄደው ደግሞ ቶለሳ ነው።

ቶለሳን በደንብ አውቀዋለሁ። ከሰላሌ ወደ ሸጎሌ ገበያ ከብት የሚያመላልስ ሾፌር ነው፤ የጭነት መኪናው አሮጌ ትሬንታ ኳትሮ። ከልደቴ ቀርቶ አያውቅም። ሁልጊዜ ከሚሚ ትይዩ ይቀመጣል፤ ሁሉም ዓይናቸውን ሲጨፍኑ እሱ ብቻ አንዱን ዓይኑን ይከፍታል። እንዲህ ያለ ሰው እምነት እንደማይጣልበት ቀድሞም ጠርጥሬ ነበር።

አሁን ነገሩ ቀላል ነው። ሚሚ የቤት ስም ነው፤ የአክስቴ የትምህርት ቤትና የፋብሪካ ስሟ ጸሐይ ነው። እናቴና አባቴ ሆን ብለው በዚያ ስም የጠሯት ድንገት ብሰማ እንዳይገባኝ ብለው ነው። መዝሙር እንደምታስተምር፣ ስብሰባ ላይ ግራ እጇን እንደማታነሳ ተጠቁሞባት ነበር። ፋብሪካው ውስጥ ያለች አንዲት ደግ ሴት ሊወስዷት ቀን እየጠበቁ እንደሆነ ሹክ አለቻት። ቶለሳ ደግሞ እጮኛዋ ነበር። ይህን ሁሉ ግን አልጋ ሥር ያለ የሰባት ዓመት ልጅ ከየት ያምጣው።

በቀጥታ ሙሐዲን ጋ ሄድኩ። ሙሐዲን ቶሎ የማያምን ልጅ ነው።

«እሳት አይደለችም እንዴ? መኪናውን አታቃጥለውም?» አለኝ።

«ሲመሽ ነው የሚይዛት። ሲመሽ ቀይ ትሆንና ትቀዘቅዛለች። ደግሞም ዝቅ ትላለች።»

አሰበ። ያልኩት ልክ ነበር፤ ሲመሽ ጸሐይ እውነትም ዝቅ ትላለች። «እንግዲያው ሳትሄድ እናጠራቅም» አለ።

የዘይት ጠርሙስ፣ የሽሮፕ ብልቃጥ፣ አንድ የጃም ጣሳ አመጣን። ቀትር ላይ አፋቸውን ወደ ላይ ከፍተን እንደረድራቸዋለን፤ ሲሞሉ በጨርቅ ወትፈን አልጋ ሥር እናስገባለን። መሙላታቸውን የምናውቀው ጠርሙሱ እጅ ሲያቃጥል ነው። ጣሳውን ሙሐዲን «ይህ አያስተማምንም፣ ያፈሳል» ብሎ ተወው።

እስከዚህ ድረስ ብንቆም ደህና ነበር። ግን እማማ ደሳለች አሳዘኑኝ። ብቻቸውን ነው የሚኖሩት፤ ጸሐይ ስትሄድ በዚያ ብርድ ምን ሊሆኑ ነው? በአጥሩ ቀዳዳ ጠራኋቸው።

«እማማ፣ በመሰላሉ ቀን ጸሐይ ትሄዳለች። ጠርሙስ ካለዎት ያዘጋጁ።»

«ማን አለሽ አንቺ?»

«አባዬ።»

እማማ ሽንኩርት የሚልጡበትን ቢላ አስቀመጡት። ጋሽ አድነው ቢሉ አያምኑም፤ ሬዲዮ ቢልም አያምኑም። «ካሣዬ? ካሣዬ እንደሁ ዋዛ አይወድም» አሉና ነጠላቸውን አንስተው ወጡ።

በማግስቱ ከቀበሌው ሱቅ ሻማ አለቀ። ቀጥሎ ክብሪት አለቀ፤ ላምባ አለቀ። በርበሬ ያላደረቀ ሁሉ በርበሬውን ጣሪያ ላይ አሰጣ፤ ልብስ ያለው አልጋ ልብሱን ሳይቀር አጠበ። ከአዲሱ ገበያ እስከ ቀጨኔ ሽቅብ ብታዩ ቆርቆሮው ሁሉ ቀይ፣ ሽቦው ሁሉ ነጭ ነበር። አባቴ ከሥራ ሲመለስ «ዛሬ ሰዉ ምን ሆኗል? ትኬት ስቆርጥ ሁሉም እያዩኝ ራሳቸውን ይነቀንቃሉ» አለ።

በዚያው ምሽት፣ ገና ሳይጨልም፣ የቀበሌው ሊቀመንበር ጓድ በድሉ መጣ። አባቴ በረንዳ ላይ እግሩን በሳፋ እየታጠበ ነበር። እናቴ ምስር ትለቅማለች። ሚሚ ደፉ ላይ ተቀምጣ ፀጉሬን እየሠራችኝ ነው።

«ጓድ ካሣዬ» አለ ጓድ በድሉ፣ እጁን ኮቱ ኪስ ከትቶ። «ጸሐይ ልትሄድ እንደሆነ ሰምተናል።»

የሚሚ እጅ ፀጉሬ ላይ ቆመ። አባቴ ሳሙናውን ጣለው፤ ሳፋው ውስጥ ገብቶ ጠፋ። ሊያነሳው አልሞከረም።

«ማ... ማን አለ?»

«ሰፈሩ ሁሉ ነው የሚያወራው። ምንጩ ደግሞ አንተ ነህ ተብሏል።»

እናቴ ከምስሩ ጋር ድንጋዩንም መልሳ ትቀላቅለዋለች።

«የበላይ አካል ጠይቆኛል» ቀጠለ ጓድ በድሉ። «ምን ብዬ ልመልስ? እንግዶቹ ሶቪየቶች ነገ ከነገ ወዲያ ይገባሉ። ጸሐይ ትጠፋለች ብሎ ሻማ የሚያከማች ሕዝብ ሲያዩ ምን ይሉናል? ጸሐይ ማለት እኮ የጋዝ ክምችት ናት።»

አባቴ ቀና አለ። «የምን ክምችት?»

«የጋዝ። ጓድ አድነው በደንብ አስረድተዋል፤ አልነበርክም?»

አባቴን ልረዳው ፈለግሁ። «እኔ ነኝ የነገርኳቸው አባዬ። ጸሐይ ትሄዳለች ብለህ ለእማዬ ስትነግራት አልጋ ሥር ነበርኩ።»

አባቴ ዞሮ አየኝ። ቀጥሎ ከሆዱ የሆነ ነገር ወጣ፤ ሳቅ ይሁን ሳል አልለየሁትም። ሚሚ ነጠላዋን አፏ ውስጥ ጠቅጥቃ ወደ ውስጥ ሮጠች። ፀጉሬ እንደተለመደው ግማሽ ቀረ።

«የልጅ ነገር ነው ጓድ ሊቀመንበር» አለ አባቴ፣ ትንፋሹ ሲመለስለት።

«የልጅም ቢሆን ሕዝቡ አምኖታል። ነገ ስብሰባ አለ። ቆመህ ጸሐይ የትም አትሄድም ትላለህ።»

አባቴ ያን ምሽት እራቱን አልበላም። እናቴ «አንድ ቃል ነው፣ በልላቸውና ይለፍ» ስትለው፣ እሱ «ለስንት ዓመት ያልዋሸሁበት አፍ ነው መሰሉ» ሲላት ሰማሁ። እኔም የተረዳሁት እንዲህ ነው፦ አባቴ ጸሐይ እንደምትሄድ ያውቃል፤ ሊያስዋሹት ነው።

በማግስቱ አዳራሹ ጢም ብሎ ሞላ። አባቴ ቆቡን በእጁ እያዞረ ወደ መድረኩ ወጣ። እማማ ደሳለች ከፊት ወንበር ላይ ዓይናቸውን ተክለውበታል።

«እ... ማለቴ» አለ አባቴ። «እዚያ ሰማይ ላይ ያለችው ጸሐይ፣ ይህቺ የምትሞቀን ማለቴ ነው፣ የትም አትሄድም። ይህንን ስናገር ሕሊናዬ ንጹሕ ነው።» ላቡን ጠረገ። «ሰማይ ላይ ያለችው።»

«ሰማን» አለ ጓድ በድሉ ደስ ብሎት፣ ግራ እጁን ወደ ላይ እያነሳ። «ጸሐያችን የትም አትሄድም።»

«የትም አትሄድም» አለ አዳራሹ።

ሴቶቹ መሀል የተቀመጠችው ሚሚ ግራ እጇን ከሁሉም በላይ አንስታ፣ ዓይኗ እንባ አቅርሮ፣ ከሁሉም በላይ ጮኻ ትናገር ነበር። እጇን ስታነሳ ሳያት የመጀመሪያዬ ነው። ጓድ በድሉም አይቷት ራሱን በአድናቆት ነቀነቀ።

ቀኑ ደረሰ። ሰፈሩ በሙሉ ከሸጎሌ በላይ ባለው ሜዳ ላይ ወጣ። ሶቪየቶቹ ሁለት ናቸው፤ አንዱ አፍንጫው በጸሐይ ተልጦ ቲማቲም መስሏል። ረዥም ቱቦ በሦስት እግር ላይ አቁመው በየተራ ያጎነብሱበታል። ጋሽ አድነው አዲስ ክራቫት አስረዋል። እማማ ደሳለች ገበቴ ሙሉ ውሃ አስቀምጠው ማንም እንዳይጠጋው ይከላከላሉ። እኔ የዘይት ጠርሙሴን፣ ሙሐዲን ብልቃጡን ይዘን ከእናቴ አጠገብ ቆመናል። ሚሚ የለችም፤ «አመማት፣ ተኝታለች» ተብሏል።

ጸሐይ ከምዕራቡ ተራራ ጋር ልትነካካ ስትል የመጀመሪያው ኮከብ ከበላይዋ ታየ። ገና ብርሃን ነው፤ ግን ታየ። ከሱ በላይ ሁለተኛው፣ ከዚያ ሌላው፣ ከዚያ ሌላው፣ አምስተኛውም፣ እንደ ሚስማር ቀጥ ብለው እስከ ሰማዩ እምብርት። የሜዳው ሣር መልኩ ተለወጠ፤ ወርቅም አረንጓዴም የሆነ። ሁላችንም ሁለት ሁለት ጥላ አወጣን። የሰፈር ውሾች ባንዴ ጸጥ አሉ። ከበታቻችን በከብት ገበያው ያሉት በሬዎች አንድ በአንድ ተንበረከኩ፤ ሁሉም ወደ ምዕራብ ዞረው። ይህን አሁንም ድረስ የሚያስረዳኝ ሰው አላገኘሁም። ጋሽ አድነው ሊያብራሩ አፋቸውን ከፍተው እንደከፈቱ ቀሩ። አፍንጫው የተላጠው ሶቪየት ከቱቦው ቀና ሲል ጉንጩ ርሶ ነበር፤ አጠገቡ የነበሩትን እማማ ደሳለችን አቀፋቸው። እማማም ጀርባውን መታ መታ አደረጉት፣ ልክ የጠፋ ልጃቸው እንደመጣ። ጓድ በድሉን ዞር ብዬ ሳየው ከኮቱ ኪስ ሻማ አውጥቶ ጨብጧል።

ያን ጊዜ የሞተር ድምፅ ሰማሁ። ወደ ሱሉልታ በሚወጣው መንገድ ላይ የቶለሳ መኪና ዳገቱን እያቃሰተ ይወጣል። ከብት የለበትም፤ ከኋላው ሸራ ብቻ ተነጥፏል። ኩርባው ጋ ሲደርስ የኋላ ብረቱ የመጨረሻውን ብርሃን ተቀበለና ነደደ። መኪናው ላይ ጸሐይ ተጭናለች። በዓይኔ አየኋት። መኪናው ታጠፈ፤ ብርሃኑ ጠፋ፤ ወደ ምዕራብ ስዞር ተራራው ላይም ምንም አልቀረም።

«ይዟት ሄደ» አልኩ። «እማዬ፣ ቶለሳ ጸሐይን ይዟት ሄደ።»

እናቴ ሰማዩን አልነበረም የምታየው። መንገዱን ነበር፤ እንባዋ አገጯ ላይ ይንጠባጠባል። አባቴ ቶሎ ብሎ አንስቶ አቀፈኝና አፌን ደረቱ ላይ ደበቀው። «ዝም በይ የኔ እናት» አለኝ። «ዝም በይ፣ ነግቶ ታያለሽ።»

ነጋ። ጸሐይንም በእማማ ደሳለች አጥር ላይ ቁጭ ብላ አገኘኋት። እኔና ሙሐዲን ጠርሙሶቹን ጠዋት ስለከፈትናቸው እንደሆነ ተስማማን። ሚሚ ግን አልጋዋ ላይ አልነበረችም። ዘመድ ጥየቃ ሄደች አሉኝ። መሄዷ ሲታወቅ ጓድ በድሉ መጥቶ አባቴን ወሰደው፤ ጥቂት ቀን አሳድረው ፀጉሩን ላጭተው መለሱት። ምን እንደጠየቁት ለማንም አልተናገረም። ብቻ ለእናቴ «አልዋሸሁም፤ ዝም ነው ያልኩት» ሲላት ሰምቻለሁ።

ከዚያ በኋላ ማን እንደላከው የማይነገር የሰላሌ ቅቤ አልፎ አልፎ ይደርሰን ጀመር። እናቴ ጣሳውን ስትከፍት መጀመሪያ ታሸተዋለች፤ ከዚያ ነው ጓዳ የምታስገባው።

ኬላው ላይ የሆነውን የሰማሁት ከብዙ ዓመት በኋላ ከራሷ ከሚሚ ነው። ከየቀበሌው የተውጣጡት ጥበቃዎች ሁሉ ያንጋጠጡ ሲሆን አንዱ ብቻ፣ አንገቱን ያመመው ይሁን ሥራ ወዳድ፣ መኪናው ላይ ወጥቶ ሸራውን ገለጠው። ሚሚ እበት ላይ ተኝታለች።

«ማነሽ?»

ደንግጣ ያላሰበችው ስሟ አመለጣት። «ጸሐይ።»

ጥበቃው ከኛው ቀበሌ ነበር፤ ስብሰባው ላይም እጁን አንስቷል። «የትም አትሄድም ተባብለን አልነበር?» አለ። ከዚያ ሸራውን ቀስ አድርጎ ፊቷ ላይ መለሰውና ቶለሳን «ንዳው» አለው። ሚሚ ይህን ስትናገር ሁልጊዜ ትስቃለች፤ ስቃ ስትጨርስ ስሙን አለመጠየቋ ይቆጫታል።

የተመለሰችው ደርግ በወደቀበት ክረምት ነው። እኔ ኮረዳ ሆኛለሁ። ዝናቡ ቆም ባለ ሰዓት የውጭ በሩ ሲንኳኳ ከፈትኩ። አንዲት ወፈር ያለች ሴት፣ ሁለት ልጆች፣ ከኋላ ሻንጣ የተሸከመ ትልቅ ሰው። ሴትዮዋ አፏን እንደያዘች ታየኛለች። አላወቅኋትም።

«ማን ልበል?» አልኳት።

አባቴ ግቢው ውስጥ መስታወቱን ግድግዳ ላይ ሰቅሎ ጺሙን ይላጭ ነበር። ድምፄን ሰምቶ ዘወር አለ። ግማሽ ፊቱ ነጭ አረፋ ነው። ምላጩን መሬት ላይ ጥሎ፣ ጭቃውን በባዶ እግሩ እየረገጠ መጣ። ሲያቅፋት አረፋው ፀጉሯና ነጠላዋ ላይ ተለቀለቀ። ልጆቹ ይህ ጺማም ያልሆነ፣ ያልተላጨም ሰውዬ እናታቸውን ምን እያደረጋት እንደሆነ ለማወቅ አባታቸውን ያያሉ።

እናቴ ከጓዳ እየሮጠች ወጣች። አየቻት፤ ደረቷን መታች። ከዚያ ግን ወደ ሚሚ አልሄደችም፤ ወደ በሩ ነው የሮጠችው። «ግቡ፣ ግቡ፣ ሰው ያያል» እያለች መዝጊያውን ስትስብ አባቴ በጭቃማ እግሩ ከልክሎ አቆመው።

«ተይው» አላት። «ይየን።»

እናቴ መዝጊያውን እንደያዘች ቆመች። ቀስ ብላ ለቀቀችው። ከዚያ ወደ መንገዱ ወጥታ፣ መሀል መንገድ ላይ ቆማ፣ ጎረቤቱ ሁሉ እስኪወጣ እልል አለች።